ዋይፋዩ ፎቅ መውጣት ሲያቅተው፦ የቤት ሜሽ ኔትወርክ እንዴት ይሠራል?

አክስቴ የሚኖሩት አያት አካባቢ ነው፤ ባለ አንድ ፎቅ ቤት፣ ከኋላው ሰርቪስ ክፍሎች ያሉት። የኢንተርኔቱ ፋይበር የገባው ሳሎን ነው። ሳጥኑ ከቴሌቪዥኑ ጀርባ ተቀምጧል። ሳሎን ውስጥ ሁሉም ነገር ያለችግር ይሠራል። ማታ ማታ ፎቅ ላይ መኝታ ቤታቸው ሆነው ሜሪላንድ ያለች ልጃቸውን በቪዲዮ ሲያናግሩ ግን ፊቷ ድርቅ ይላል፣ ድምጿ ይቆራረጣል። "አንተ ልጅ፣ ይሄ ዋይፋይ እኮ ፎቅ መውጣት አቃተው" አሉኝ አንድ ቀን።

መጀመሪያ ያደረጉት ብዙ ሰው የሚያደርገውን ነው። ፓኬጁን ከ10 ሜጋ ወደ 20 አሳደጉት። ፎቅ ላይ ምንም አልተለወጠም። ከዚያ ልጃቸው ሰው ሲመጣ ሦስት ነጫጭ ሳጥኖች ላከችላቸው። ካርቶኑ ላይ "ሜሽ ዋይፋይ" ይላል። አንዱን ሳሎን፣ አንዱን መኝታ ቤት፣ አንዱን ሰርቪስ ውስጥ ሰኩት። አሁንም ያው ነው። እኔ የተጠራሁት ያኔ ነው።

ዕቃው ደህና ነበር። ቤት ውስጥ ሜሽ ሲዘረጋ ከዕቃው ዋጋ በላይ የሚወስነው ሳጥኖቹ የሚቀመጡበት ቦታ ነው። ይሄ ደግሞ ካርቶን ላይ አይጻፍም። ስለዚህ ነገሩን ከሥሩ እንየው።

ችግሩ ኢንተርኔቱ ነው ወይስ ዋይፋዩ?

"ኔት የለም" ስንል ሁለት የተለያዩ ነገሮችን በአንድ ስም እየጠራን ነው። ኢንተርኔቱ ከውጭ እስከ ቤትዎ የሚመጣው መስመር ነው። በሜጋ የሚገዙት እሱን ነው። ዋይፋዩ ደግሞ ከሳጥኑ እስከ ስልክዎ ድረስ ያለው የአየር ላይ መንገድ ነው። ውሃን ያስቡ። ግቢ ያለው ቧንቧ ላይ ውሃው እየመጣ፣ ግፊቱ ፎቅ ካላደረሰው ፎቅ ላይ ያለ ሰው "ውሃ ጠፋ" ነው የሚለው።

መለየት ቀላል ነው። ስልክዎን ይዘው የፋይበሩ ሳጥን አጠገብ ይቁሙና በማንኛውም የፍጥነት መለኪያ ይለኩ። ከዚያ ችግር ያለበት ክፍል ገብተው ይድገሙት። እኛ ስንለካ ሳሎን 19 ሜጋ መጣ፣ መኝታ ቤት 2 ሜጋ። መስመሩ ደህና ነው፣ የቤት ውስጥ መንገዱ ነው የተበላሸው ማለት ነው። ሳጥኑ አጠገብ ራሱ 2 ሜጋ ቢመጣ ኖሮ ሜሽ መግዛት ብር መጣል ነበር። ሜሽ የገዙትን ኢንተርኔት ያከፋፍላል እንጂ አይጨምረውም።

ግድግዳው ምን ያደርገዋል?

ዋይፋይ የሬዲዮ ሞገድ ነው። የቤት ዋይፋይ በዋናነት ሁለት የሞገድ መስመሮች (ባንዶች) አሉት፦ 2.4 ጊጋኸርዝ እና 5 ጊጋኸርዝ። አዳዲሶቹ ዕቃዎች ላይ 6 ጊጋኸርዝም ተጨምሯል። ቁጥሩ ከፍ ሲል ብዙ ዳታ ይጭናል፣ ግን ቶሎ ይደክማል፣ ግድግዳም ያሸንፈዋል። በበዓል ቀን ወደ ቤተ ክርስቲያን ሲሄዱ ከሩቅ የሚሰማዎት ከበሮው ነው። ጸናጽሉን የሚሰሙት ሲቀርቡ ነው። 2.4 እንደ ከበሮው ነው፤ ወፍራም ነው፣ ሩቅ ይደርሳል። 5 ደግሞ እንደ ጸናጽሉ።

ታዲያ የእኛ ቤት በብሎኬት የተሠራ ነው። በፎቅና በምድር ቤት መካከል ያለው ሶሌታ ደግሞ ፌሮ የታሰረበት ኮንክሪት ነው። ብረትና ኮንክሪት ሲደመሩ ለሬዲዮ ሞገድ ከባድ ግንብ ናቸው። ከእነሱ ሌላ ትልቅ መስታወት (ከጀርባው የብረት ቅብ አለው)፣ ፍሪጅ፣ የብረት በር፣ ውሃ የሞላ ሮቶ ሁሉም ያዳክሙታል። ውሃ የሬዲዮ ሞገድ ይመጥጣል። የሰው ገላም አብዛኛው ውሃ ስለሆነ ሰው የሞላበት ሳሎን ውስጥ ዋይፋይ ትንሽ ይደክማል።

የካርቶኑ ቁጥር ሰውን የሚያሳስተው እዚህ ላይ ነው። የአክስቴ ካርቶን "5,000 ስኩዌር ፊት ይሸፍናል" ይላል። ወደ 465 ካሬ ሜትር ነው። እሳቸው ቤታቸው ከዚያ በጣም እንደሚያንስ ስለሚያውቁ ይበቃል ብለው አሰቡ። ቁጥሩ ግን ቢበዛ እስከዚህ ይደርሳል የሚል ግምት ነው። ዕቃው የተሸጠበት አገር ደግሞ አብዛኛው መኖሪያ ቤት በእንጨትና በስስ የጂብሰም ሰሌዳ ነው የሚሠራው። በዚያ ግድግዳ ሞገዱ ብዙም ሳይጎዳ ያልፋል። በእኛ ብሎኬትና ሶሌታ ሽፋኑ ብዙ ይቀንሳል። እስራኤል ያሉ ወገኖቻችንም ይሄን በሌላ መንገድ ያውቁታል። እዚያ እ.ኤ.አ. ከ1990ዎቹ መጀመሪያ ወዲህ በተሠሩ ቤቶች ውስጥ ማማድ የሚባል በወፍራም ኮንክሪት የተገነባ መጠለያ ክፍል አለ። በሩ ሲዘጋ ዋይፋይ እንደልብ አይገባበትም።

ታዲያ ሜሽ ምንድን ነው?

ቃሉ መረብ ማለት ነው። አንድ ራውተር (ዋይፋይ የሚያሰራጭ ሳጥን) ብቻውን ከመጮህ ይልቅ፣ ብዙ ትንንሽ ሳጥኖች ቤቱ ውስጥ ተበታትነው እየተቀባበሉ የሚያገለግሉበት አሠራር ነው።

ገጠር ያደገ ሰው በቀላሉ ይገባዋል። አንዱ ከኮረብታ ላይ ሆኖ ይጣራል። ማዶ ያለው ይሰማል፣ ተቀብሎ ወደሚቀጥለው ማዶ ይጣራል። መልእክቱ ሸለቆውን እንዲህ ነው የሚሻገረው። ማንም ሰው አሥር ኮረብታ የሚያሻግር ድምፅ የለውም፤ ግን ሁሉም የየራሱን ይችላል። ሜሽ ውስጥ የመጀመሪያው ሳጥን በገመድ ከኢንተርኔቱ ጋር ይያያዛል። ሌሎቹ በአየር ከእሱ፣ ወይም እርስ በርሳቸው ይቀባበላሉ። ስልክዎ የሚያየው ግን አንድ ስም፣ አንድ ፓስወርድ ነው።

ሐሳቡ አዲስ አይደለም። የዋይፋይ ሕግ የሚያወጣው ተቋም፣ አይ ትሪፕል ኢ፣ የሜሽ አሠራርን በደረጃ መልክ ያጸደቀው እ.ኤ.አ. በ2011 ነው። ለተራ ቤት የሚሆኑ፣ በስልክ አፕ የሚዘረጉ ሳጥኖች ገበያ ላይ የታወቁት ግን በ2016 ነው። ኤሮና ጉግል ዋይፋይ ያን ዓመት ወጡ። ዛሬ የቲፒ ሊንክ ዲኮ፣ የኔትጊር ኦርቢና ሌሎችም አሉ።

ከሪፒተር በምን ይለያል?

ሶኬት ላይ የሚሰካ ርካሽ ሪፒተርም ተቀብሎ ነው የሚያስተላልፈው። ልዩነቱ መናበቡ ላይ ነው። ብዙ ሪፒተሮች ሌላ ስም ይዘው ይመጣሉ፤ ከሳሎን ወደ መኝታ ቤት ሲሄዱ ራስዎ ስሙን መቀየር አለብዎት። ከዋናው ራውተር ጋርም ብዙ አይመካከሩም። የሜሽ ሳጥኖች ግን እንደ አንድ ቡድን ናቸው። የትኛው መንገድ እንደሚሻል ይነጋገራሉ። አንዱ ቢጠፋና ሌላው ቅርብ ከሆነ መንገድ ይቀይራሉ። አንዷን ክፍል ብቻ ማዳረስ ከሆነ የሚፈለገው፣ ጥሩ ሪፒተር ይበቃል።

ሁለተኛው ሳጥን የት ይቀመጥ?

አክስቴ የተሳሳቱት እዚህ ነው፤ ከአሥር ሰው ዘጠኙም እዚህ ይሳሳታል ብዬ አምናለሁ። ዋይፋይ የማይደርሰው መኝታ ቤት ነው። ስለዚህ ሳጥኑን መኝታ ቤት አስቀመጡት። ያስኬዳል አይደል? ግን ወደ ኮረብታው እንመለስ። መልእክቱን የሚቀባበለው ሰው የመጀመሪያውን ጥሪ በማይሰማበት ቦታ ቢቆም ምን ያስተላልፋል? ያልሰማውን ነው የሚያስተላልፈው። መኝታ ቤት ያለው ሳጥን ለስልኩ በጣም ጥሩ ምልክት ይሰጣል፤ ስልኩ ላይ ሁሉም መስመሮች ሞልተው ይታያሉ። ግን ሳጥኑ ራሱ ሳሎኑን የሚሰማው በጭላንጭል ነው። ምልክቱ ሙሉ፣ ቪዲዮው የደረቀ የሚሆነው በዚህ ምክንያት ነው።

ቦታው መሃል ላይ ነው። ምልክቱ ከጠፋበት ሳይሆን ገና ጥሩ ሆኖ ሊዳከም ከሚጀምርበት። በእኛ ቤት ደረጃው አናት ላይ ያለችው ትንሽ መተላለፊያ ሆነች። ደረጃ ያለበት ቦታ ሶሌታው ክፍት ስለሆነ ሞገዱ እንደ ሰው በደረጃው ይወጣል። ፎቅ ቤት ላለው ሰው መጀመሪያ መሞከር ያለበት ቦታ ይሄ ይመስለኛል።

በግምት መሥራት የማይወድ ሰው በቁጥር ሊለካ ይችላል። አንድሮይድ ስልክ ላይ ዋይፋይ የሚለኩ ነፃ አፖች አሉ። የምልክቱን ጥንካሬ በዲቢኤም ያሳያሉ፤ ቁጥሩ ነጌቲቭ ነው፣ ወደ ዜሮ ሲጠጋ ይጠነክራል። ነጌቲቭ 50 በጣም ጥሩ ነው። ነጌቲቭ 67 አካባቢ ለቪዲዮ ጥሪ ይበቃል። ነጌቲቭ 80 ሲደርስ አይረባም። ሁለተኛውን ሳጥን ከመስካትዎ በፊት፣ የመጀመሪያው ብቻ በርቶ እያለ ይለኩ። ከነጌቲቭ 60 እስከ 67 የሚያሳይ ቦታ ሲያገኙ እዚያ ነው።

ከፍታም ለውጥ አለው። መደርደሪያ ላይ ይሁን፤ መሬት ላይ፣ ቁምሳጥን ውስጥ፣ ወይም ከቴሌቪዥን ጀርባ አይሁን። ለውበት ብለው ዳንቴል የሚያለብሱት ከሆነ ዳንቴሉ ሞገዱን አይከለክልም፤ ሳጥኑ ግን ስለሚሞቅ መተንፈሻው መዘጋት የለበትም።

ፍጥነቱ በግማሽ ይቀንሳል የሚባለው እውነት ነው?

እውነት አለው፣ ግን ብዙ ጊዜ ከሚፈራው ያነሰ ነው። ኮረብታው ላይ ያለው ሰው በአንድ ጊዜ ሊሰማም ሊጣራም አይችልም። መጀመሪያ ይሰማል፣ ከዚያ ይጣራል፤ ጊዜው ለሁለት ይከፈላል። ሳጥኑም በአንድ ሬዲዮ ተቀብሎ በዚያው ሲያስተላልፍ ፍጥነቱ በግማሽ ገደማ ይወርዳል። ሦስተኛው ከሁለተኛው ሲቀበል ደግሞ እንደገና ይቀንሳል። ባለ ሦስት ባንድ የሚባሉት ውድ ዓይነቶች አንዱን ሬዲዮ ለሳጥኖቹ መነጋገሪያ ብቻ በመተው ይሄን ያቃልላሉ።

አሁን ሒሳቡን ከራስዎ መስመር ጋር ያስተያዩት። በሁለቱ ሳጥኖች መካከል በ5 ጊጋኸርዝ 200 ሜጋ ቢያልፍ ግማሹ 100 ነው። የሚገዙት 20 ሜጋ ከሆነ 100 ቢሆን 200 ቢሆን ልዩነቱን አያዩትም። ጉዳት የሚመጣው በሳጥኖቹ መካከል ያለው መንገድ ራሱ ደካማ ሲሆን ነው። የ6 ሜጋ ግማሽ 3 ነው። ስለዚህ ለብዙው የአዲስ አበባ ቤት ባለ ሁለት ባንድ፣ ዋይፋይ 5 ወይም ዋይፋይ 6 (ቁጥሩ የዋይፋዩ ትውልድ ነው እንጂ ጊጋኸርዙ አይደለም) የሆነ ሳጥን በትክክለኛ ቦታ ላይ ከተቀመጠ ይበቃል። ዋይፋይ 7 ጥሩ ቴክኖሎጂ ነው፤ ለ20 ሜጋ መስመር ግን ተጨማሪ ብር አላወጣበትም።

ከፋይበሩ ሳጥን ጋር እንዴት ይገናኛል?

የፋይበሩ ሳጥን አብዛኛውን ጊዜ ራሱም ራውተር ነው፤ የራሱ ዋይፋይ አለው። አዲሱ ሜሽም ራውተር ነው። ሁለቱ ሲያያዙ በአንድ ግቢ ሁለት ዘበኛ ይሆናል። አንዱ የውጭ በር ላይ፣ ሌላው የቤቱ በር ላይ ቆሞ እንግዳውን ሁለቴ ይጠይቀዋል። ቪዲዮ ለማየት ችግር ላይፈጥር ይችላል። ግን ከውጭ ሆነው የቤት ካሜራ ለማየት ሲሞክሩ፣ ጌም ሲጫወቱ፣ ወይም ፕሪንተር ሲፈልጉ ነገር ይወሳሰባል።

ቀላሉ መፍትሔ ሜሹን "አክሰስ ፖይንት" በሚባለው ሁኔታ ላይ ማድረግ ነው። በብዙዎቹ ላይ አፑ ውስጥ ይገኛል። ያኔ ሁለተኛው ዘበኛ ጥበቃውን ለመጀመሪያው ይተውና ማዳረስ ብቻ ይሆናል ሥራው። የፋይበሩን ሳጥን ዋይፋይ ደግሞ ያጥፉት፤ ሁለት ዋይፋይ አንድ ሳሎን ውስጥ መጮሁ ጥቅም የለውም። አንድ ልመና ግን አለኝ። የፋይበሩ ሳጥን ላይ ያለችውን ትንሽ የሪሴት ቀዳዳ አይንኩ። መስመሩን የሚያስነሳው መረጃ እዚያ ውስጥ ነው። ከጠፋ ባለሙያ ካልመጣ ላይመለስ ይችላል።

የቀረው ሥራ ረጅም አይደለም። የመጀመሪያውን ሳጥን በአጭር የኔትወርክ ገመድ (ላን ኬብል) ከፋይበሩ ሳጥን ጋር ያያይዙ። አፑን ከፍተው ስምና ፓስወርድ ይስጡ። ሌሎቹን ሳጥኖች መጀመሪያ እዚያው ሳሎን ውስጥ ሰክተው ያስተዋውቋቸው፤ ከተዋወቁ በኋላ ነቅለው ወደ ቦታቸው ይውሰዷቸው። የድሮውን የዋይፋይ ስምና ፓስወርድ እንዳለ ከሰጡት፣ ቤት ያሉ ስልኮችና ቴሌቪዥኖች ምንም ሳይነኩ ይገባሉ። ለእንግዳ የተለየ ስም መክፈትም ይቻላል። እኛ ቤት እንግዳ ስለማይጠፋ ይሄ ትልቅ ዕረፍት ነው። ዋናውን ፓስወርድ ሰፈሩ ሁሉ አያውቀውም።

ስልኬ ለምን ከሩቁ ሳጥን ጋር ሙጭጭ ይላል?

ከሳሎን ወደ ፎቅ ሲወጡ የትኛውን ሳጥን እንደሚይዝ የሚወስነው ስልኩ ነው። ሳጥኖቹ "እዚህ የሚሻል አለ" ብለው ሊጠቁሙት ይችላሉ፣ ማስገደድ ግን ብዙም አይችሉም። አንዳንድ ስልኮች፣ በተለይ የቆዩት፣ የያዙትን እስከ መጨረሻው አይለቁም። ዋይፋዩን አጥፍቶ ማብራት ያስለቅቀዋል። ሳጥኖች በጣም ሲቀራረቡ ይሄ ይብሳል፤ ስልኩ ሁሉንም ጥሩ አድርጎ ስለሚሰማ ለመቀየር ምክንያት አያገኝም። ስለዚህ ሳጥን ማብዛት አይጠቅምም። ለባለ ሁለት መኝታ ኮንዶሚኒየም ብዙ ጊዜ መሃል ላይ የተቀመጠ አንድ ጥሩ ራውተር በቂ ነው። እዚያ ዋናው ችግር የጎረቤት ዋይፋይ ነው፤ ሁሉም በ2.4 ላይ ይተራመሳል። በዚህ መስመር ላይ የማይነካኩት ቻናሎች (በመስመሩ ውስጥ ያሉ ንዑስ መንገዶች) 1፣ 6 እና 11 ብቻ ናቸው። በተቻለ መጠን ስልክዎን 5 ጊጋኸርዝ ላይ ያውሉት።

ከውጭ አገር ቢላክስ?

ሁለት ነገር ይታይ። ቻርጀሩ ላይ "ከ100 እስከ 240 ቮልት" የሚል ጽሑፍ ካለ እኛ አገር ያለ ትራንስፎርመር ይሠራል፤ የሶኬት መቀየሪያ ብቻ ይፈልጋል። 120 ብቻ የሚል ከሆነ አይሰኩት፣ ይቃጠላል። ሌላው፣ የተለያየ ኩባንያ ሳጥኖች በአብዛኛው አይግባቡም። እ.ኤ.አ. ከ2018 ጀምሮ ኢዚሜሽ የሚባል የጋራ ቋንቋ ወጥቷል፣ ሁሉም ግን አይናገሩትም። ስለዚህ የሚልክ ሰው አንድ ዓይነት ይላክ።

መብራት ሲጠፋስ?

እያንዳንዱ ሳጥን መብራት ይፈልጋል። የፋይበሩ ሳጥንና የመጀመሪያው ሜሽ በአንድ አነስተኛ ዲሲ ዩፒኤስ (መብራት ሲጠፋ በባትሪ የሚያቆይ ዕቃ) ላይ ቢሆኑ ሳሎኑ ይተርፋል፤ ደረጃው ላይ ያለውም የራሱን ይፈልጋል። ከመግዛትዎ በፊት የየሳጥኑን ቻርጀር ያንብቡ። ብዙዎቹ 12 ቮልት ናቸው፣ 9 ቮልት የሚሉም አሉ። የዩፒኤሱ መውጫ ከዚያ ጋር መግጠም አለበት።

ገመድ መዘርጋት ይሻላል?

ከተቻለ በደንብ ይሻላል። በሳጥኖቹ መካከል ላን ኬብል ካለ የመቀባበሉ ድካም ሁሉ ይቀራል፤ ኮረብታው ላይ ለቆመው ሰው ስልክ እንደመስጠት ነው። ካት 5ኢ የሚባለው ተራ ኬብል እስከ 100 ሜትር ድረስ 1,000 ሜጋ ያሳልፋል። ቤት እየሠራ ያለ ሰው ይሄን ካነበበ፣ ግድግዳው ሳይለሰን ከሳሎን ወደ ፎቅና ወደ ሰርቪስ ባዶ ቱቦ ያስቀብር። በዚያ ጊዜ ወጪው ኢምንት ነው። ከመብራት ገመድ ጋር ግን በአንድ ቱቦ አይግባ፤ ለሕይወትም አደገኛ ነው።

የአክስቴ ቤት ቱቦ አልነበረውም። ደረጃው አናት ላይ ያስቀመጥነው ሳጥን ብቻውን መኝታ ቤቱን ከ2 ሜጋ ወደ 18 አደረሰው፣ ያለ ምንም ገመድ። የዚያን ማታ ልጃቸውን ከአልጋቸው ላይ ሆነው አንድ ሰዓት አወሯት። ሰርቪሱ ግን እንቢ አለ። ከዋናው ቤት ያለው ርቀት ትንሽ ነው፤ መካከል ላይ ሁለት የብሎኬት ግድግዳና ሮቶው አሉ። ሦስተኛውን ሳጥን መስኮት ላይ ብናደርገውም ከ4 ሜጋ አላለፈም። እዚያ ለውጭ የሚሆን ኬብል በቱቦ መሬት ውስጥ እንቀብራለን። መሬቱ ጭቃ ስለሆነ፣ በመብረቅ ወቅትም የውጭ ገመድ ማያያዝ ስለማይመከር፣ ክረምቱ እስኪወጣ እየጠበቅን ነው።